ጡንቻው ሳያድግ ጉልበቱ ከየት መጣ?

ሰላም ሰላም፣ እንኳን ደህና መጣችሁ! ጂም ከጀመራችሁ ሦስት ሳምንት ሆናችሁ እንበል። መስታወት ፊት ክንዳችሁን አጠፍ ታደርጋላችሁ። ምንም የለም። ያው የድሮው ክንድ! ግን የመጀመሪያ ቀን ያንቀጠቀጣችሁ ዳምቤል አሁን ቀሏል። እና ጉልበቱ ከየት መጣ?

ጭቃ ውስጥ የገባ መኪና አስቡ። አሥር ሰው ከኋላ ይገፋል። አንዱ ሲገፋ ሌላው ያርፋል። አንዱማ እጁን ጣል አድርጎ የሚገፋ ይመስላል። (አለ አይደል እንዲህ ዓይነት ሰው? እኔ ነኝ።) መኪናው ፍንክች አይልም። በመሀል አንዱ ይነሳና "አንድ፣ ሁለት፣ ሦ...ስት!" ይላል። መኪናው ወጣ! ሰው ተጨመረ? አልተጨመረም። ያው አሥር ሰው ነው። የተጨመረው ቆጣሪ ነው።

ቆጣሪው ነርቫችሁ ነው። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት በዋናነት የሚሠለጥነው እሱ ነው። ብዙ የጡንቻ ክሮችን ባንዴ መቀስቀስ ይማራል። የጡንቻው ማደግ በዓይን እስኪታይ ግን ወራት ሊወስድ ይችላል። እና እናንተ በሦስተኛው ሳምንት የምትተዉት፣ መኪናው ሊወጣ ሲል ነው ጥላችሁ የምትሄዱት።

ከዚያ በኋላ ያለውን ታውቁታላችሁ፣ ቶሎ ልበለው። ክብደቱ ክሩን ይወጥረዋል፣ ሰውነት ፕሮቲን ይገነባል፣ ክሩ ይወፍራል። ግንባታው ከስፖርቱ በኋላ አንድ ሁለት ቀን ይቀጥላል፤ እንቅልፍና ምግብ የሚያስፈልገው ለዚህ ነው። ክብደቱ ሲቀላችሁ ጨምሩበት፣ አለዚያ ሰውነት ምን አስጨነቀው? ግን በጥቂቱ። ጅማት ከጡንቻ ዘግይቶ ነው የሚጠነክረው።

እሺ፣ አሁን ወደዚያች ጥያቄ። በየቪዲዮው ትመጣለች። "ስፖርት ካቆምኩ ጡንቻው ወደ ቦርጭ ይቀየራል አይደል?"

አይቀየርም! የጡንቻ ሴል ሌላ፣ የስብ ሴል ሌላ። የአንድ ቤት ግንብ ፈርሶ ቦታው ላይ ሣር ቢበቅል፣ ግንቡ ሣር ሆነ ትላላችሁ? ግንቡ ፈረሰ፣ ሣሩ በቀለ። ሁለት ነገር ነው። ስፖርት ስታቆሙ ጡንቻ ይቀንሳል። አበላላችሁ ግን እንደ ስፖርተኛ ይቀጥላል። እኔም አንድ ክረምት ሙሉ እንደዚያ በልቻለሁ፣ ሱሪዬ ምስክር ነው። ከምግቡ የተረፈው ኃይል ስብ ሆኖ ይቀመጣል። ጥፋቱ የሳህኑ ነው፣ ጡንቻውን አትወንጅሉት።

ደግሞ አቁማችሁ ስትመለሱ የጡንቻው ማደግ ከመጀመሪያው ጊዜ ይፈጥናል። ለምን? እሱ ራሱን የቻለ ቪዲዮ ነው፤ ሰብስክራይብ አድርጋችሁ ጠብቁኝ። አሁን ስልኩን አስቀምጡና አሥር ስኳት ሥሩ። እኔ እቆጥራለሁ። አንድ...