ከተማዋ ነድዳ የተረፈው የእርሻ መጽሐፍ

ውድ የንባብ ክበባችን አባላት፣ እንግዶቻችን፣ እንደምን አመሻችሁ።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ ዓመት ብቻ ነው፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት ስለ 146። በዚያ ዓመት ሮም ሁለት ስመ ጥር ከተሞችን አጠፋች። አንዷ የዛሬዋ ቱኒስ አጠገብ የነበረችው ካርቴጅ ናት። ሌላዋ የግሪኳ ቆሮንቶስ። አዎ፣ እንደገና ከተሠራች በኋላ ጳውሎስ መልእክት የጻፈላት ቆሮንቶስ።

ካርቴጅ በሁለት ጦርነት በሮም ተሸንፋ፣ መርከቦቿን አስረክባ፣ 50 ዓመት ካሳ ስትከፍል ኖራለች። ዕዳው አለቀ፤ ንግዷም አንሰራራ። ሮሞችን እንቅልፍ የነሳቸው ይሄ ነው። ሽማግሌው ካቶ የተባለ የሮም ፖለቲከኛ ሴኔት ውስጥ የበለስ ፍሬ አሳይቶ፣ ይህ የበቀለበት አገር በመርከብ የሦስት ቀን መንገድ ነው አለ ይባላል። የሚናገረው ስለ ምንም ይሁን ስለ ምን፣ መጨረሻው «ካርቴጅ መጥፋት አለባት» ነበር።

በ149 ሮም 300 የመኳንንት ልጆችን በመያዣነት ጠየቀች። ተሰጣት። ቀጥላ መሣሪያችሁን አምጡ አለች። የ200 ሺህ ሰው ትጥቅና 2 ሺህ የድንጋይ መወርወሪያ ተጭኖ ወጣላት ይላል የታሪክ ጸሐፊው አፒያን። እጃቸው ባዶ መቅረቱ ሲረጋገጥ ሦስተኛው ትእዛዝ መጣ። ከተማችሁን ልቀቁ፣ ከባሕሩ 15 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃችሁ ሌላ ሥሩ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም። ትእዛዙን ያነበበላቸው ቆንስሉ ኬንሶሪኑስ ነው። ቆንስል ስል ቪዛ የሚመታውን እንዳታስቡ፤ በየዓመቱ ከሚመረጡት ሁለቱ የሮም የበላይ ሹሞች አንዱ ነው። አፒያን እንደጻፈው ሰውየው ምክርም ጨመረበት። ባሕር ሰውን ስግብግብ ያደርጋል፤ እርሻ ግን ትርፉ ቢያንስም አያስደነግጥም አላቸው። እስቲ አስቡት። ልጁን ወስደህ፣ ጋሻውን ነጥቀህ፣ በመርከብ የኖረን ሕዝብ ስለ ግብርና ጥቅም ስትመክረው!

ካርቴጆች እምቢ አሉ። ቤተ መቅደሱ ሳይቀር ወርክሾፕ ሆነ። ሴቶች ፀጉራቸውን ቆርጠው ለመወርወሪያው ገመድ ሰጡ። ከባዶ እጅ ተነስተው ሦስት ዓመት ያዙ።

146 ገባ። የሮሙ አዛዥ የሲፒዮ ኤሚሊያኑስ ጦር ግንቡን ጥሶ ገባ። የከተማዋ ምሽግ ወደሆነው ቢርሳ ኮረብታ የሚያወጡት ጠባብ መንገዶች ግራና ቀኛቸው ስድስት ፎቅ ቤት ነበር። ውጊያው ቤት ለቤት ሆነ። ወታደሮቹ ከጣሪያ ጣሪያ ሳንቃ እየዘረጉ ይሻገሩ ነበር፤ ከታች ደግሞ ሌላ ውጊያ። ስድስት ቀንና ሌሊት። በሰባተኛው ቀን 50 ሺህ ሰው ከኮረብታው ወርዶ እጁን ሰጠ። ዕጣው ባርነት ሆነ።

ከተማዋ ስትነድ ሲፒዮ አለቀሰ። ስለ ትሮይ መውደቅ የሚናገረውን የሆሜርን ስንኝም አነበነበ። ወዳጁ ግሪካዊው የታሪክ ጸሐፊ ፖሊቢየስ ምን ማለትህ ነው ቢለው፣ ለሮምም እንዲህ ያለ ቀን እንዳይመጣ ፈርቶ ነው። እኔ በበኩሌ ይሄ እንባ ብዙም አይዋጥልኝም። እሳቱን ያስለኮሰው ራሱ ነዋ!

ትምህርት ቤት ሳለሁ፣ መሬቷ እንዳያበቅል ጨው ተዘራባት ተብዬ ነበር። የጥንቶቹ ጸሐፊዎች እንዲህ ያለ ነገር አልጻፉም፤ ከብዙ ዘመን በኋላ የተጨመረ ወሬ ነው። ደግሞስ አሞሌ ሲገበያይ ከኖረ ሕዝብ የወጣ ሰው፣ ያን ሁሉ ጨው ሜዳ ላይ ተበተነ ቢሉት እንዴት ያምናል?

ቆሮንቶስን ያጠፋው የሮም ቆንስል ሙሚየስ ነው። ወንዶቹ ተገደሉ፣ ሴቶቹና ልጆቹ ተሸጡ። ፖሊቢየስ ወታደሮች መሬት ላይ በተጣለ ሥዕል ላይ ዳማ ቢጤ ጨዋታ ሲጫወቱ አይቷል። ሙሚየስ ደግሞ ጥንታዊዎቹን ሥዕሎችና ሐውልቶች ወደ ሮም የሚያጓጉዙትን ሰዎች፣ ከጠፋባችሁ በአዲስ ትተካላችሁ ብሎ አስጠነቀቀ ይባላል።

ሮም የካርቴጅን መሬት ግዛት አድርጋ «አፍሪካ» አለችው። ዋና ከተማው ዩቲካ ሆነ። ያኔ የሰሜን ቱኒዚያ ቁራጭ መሬት ስም ነበር፤ ዛሬ ከኬፕታውን እስከ ካይሮ ሁላችንም የምንጠራበት ነው።

የካርቴጅ መጻሕፍትስ? ሴኔቱ ለአካባቢው ነገሥታት አደላቸው። ከዚያ ወዲህ ደብዛቸው ጠፋ። ለዚህ ነው ዛሬ የነገርኳችሁ ሁሉ በሮምና በግሪክ ጸሐፊዎች አፍ የሆነው። ሴኔቱ ወደ ላቲን ይተርጎም ብሎ ለራሱ ያስቀረው ማጎ የተባለውን የካርቴጅ ጸሐፊ ሥራ ነው። 28 ቅጽ፣ ስለ እርሻ። ስለ ወይን ተክል፣ ስለ ከብት፣ ስለ ንብ።

እሱም ቢሆን ሙሉው የለም፤ ሌሎች የጠቀሱት ቁርጥራጭ ብቻ ቀርቷል። ከመግቢያው አንዱን ኮሉሜላ የተባለ ሮማዊ አቆይቶልናል። የካርቴጁ ሰው ማጎ ምን ይላል መሰላችሁ? እርሻ የገዛ ሰው የከተማ ቤቱን ይሽጥ።

አመሰግናለሁ።