ማማው ጎረቤታችን ነው፣ እኛ ግን ስክሪኑ ላይ የለንም

እንደምን ዋላችሁ! እናቶች፣ አባቶች፣ የሰፈር ልጆች፣ ከፉሪም ከአለም ገናም የመጣችሁ፣ የእሁድ ዕረፍታችሁን ትታችሁ ስለተገኛችሁ ከልብ አመሰግናለሁ። አብዛኞቻችሁ ታውቁኛላችሁ፤ ድሮ አንቴና ስሰቅል፣ በኋላ ደግሞ ዲሽ ሳስተካክል ጣሪያችሁ ላይ የወጣሁ ሰው ነኝ። ዛሬ የማወራችሁ ስለ ትንሽ የቴሌቪዥን ጣቢያ ነው። ኃይሉ አነስተኛ ሆኖ ለአንድ ከተማ ወይም ለአንድ አካባቢ ብቻ ስለሚያሰራጭ ጣቢያ። እዚህ አዲስ አበባ ጫፍ ላይ የምንኖር ሰዎች እንዲህ ያለ ጣቢያ ያስፈልገናል፣ ደግሞም ይቻላል ብዬ አምናለሁ።

ከራሳችን ልጀምር። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው ጥቅምት 23 ቀን 1957 ነው፣ በጃንሆይ የዘውድ በዓል ዕለት። ስቱዲዮው ማዘጋጃ ቤት ሕንፃ ውስጥ ነበር። ምስሉ ጥቁርና ነጭ፣ ሥርጭቱ ማታ ማታ ለጥቂት ሰዓት፣ የሚደርሰውም አዲስ አበባና ዙሪያዋ ብቻ። አያችሁ፣ ዛሬ የአገር የምንለው ጣቢያ ሲወለድ የአንድ ከተማ ጣቢያ ነበር! ወደ ክፍለ ሀገር የወጣው ቀስ በቀስ ነው፤ አንድ ተራራ ላይ ማሰራጫ ይተከላል፣ ከዚያ ደግሞ ሌላው ላይ። ባለቀለም የሆነው የደርግ ፓርቲ ኢሠፓ በተመሠረተበት ሰሞን ነው።

የአዲስ አበባው ማሰራጫ ያለው ደግሞ እዚሁ ራሳችን ላይ፣ ፉሪ ተራራ ላይ ነው። ለምን እዚያ ተተከለ? የቴሌቪዥን ሞገድ ቀጥ ብሎ ነው የሚሄደው፤ ተራራ ሲያጋጥመው እንደ ልቡ ዞሮ አያልፍም። ፉሪ ከ2800 ሜትር በላይ ነው፣ ከላዩ ሆነህ ከተማዋን ታያታለህ፣ ስለዚህ ከተማዋም ማሰራጫውን ታየዋለች። ወደ ሆለታ በኩል ግን ከ3300 ሜትር በላይ የሆነው ወጨጫ መሀል ገብቷል። ከወጨጫ ጀርባ ያለ ቤት አንቴናውን የፈለገውን ያህል ቢያስረዝም ተራራውን አያሸንፈውም። መፍትሔው ሌላ ትንሽ ማሰራጫ ነው፤ ከፍ ያለ ቦታ ላይ ቆሞ ከትልቁ ይቀበላል፣ በሌላ ቻናል ለታችኛው መንደር ይረጫል።

እዚህም ቢሆን ማማው ሥር ሆነን ቀላል አልነበረም። የቆርቆሮው ጣሪያ፣ ዛፉ፣ የጎረቤት ፎቅ፣ ሁሉም ሞገዱን እየመለሰ ምስሉን ድርብ ያደርገዋል። ታስታውሱ የለ? አንዱ ጣሪያ ላይ ወጥቶ የባሕር ዛፍ ምሰሶውን ያዞራል፣ አንዱ በር ላይ ቆሞ ያስተላልፋል፣ እናት ውስጥ ሆነው ስክሪኑን ያያሉ። «መጣ?» «ኧረ ሄደ!» «ትንሽ መልሰው!» «በቃ በቃ፣ እንዳትነካው!» ከዚያ በሽቦ ጥፍር አድርጎ ማሰር ነው፣ የሚቀጥለው ንፋስ እስኪመጣ። አንድ ቴሌቪዥን ያለበት ቤት የሰፈሩን ልጅ በሙሉ ያስተናግድ ነበር። መስኮት ላይ ተንጠልጥሎ ያየም አለ፣ እዚህ የተቀመጣችሁ ራሳችሁን ታውቃላችሁ።

አሁን ወደ አሜሪካ ልውሰዳችሁ፣ ምክንያቱም የትንሽ ጣቢያ ሕግ በደንብ የተጻፈው እዚያ ነው። ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው የምጠራላችሁ። በተራራማው ምዕራብ ሸለቆ ውስጥ የሚኖረው ሰው የከተማው ጣቢያ አልደርሰው ሲል፣ ፈቃድ ሳይጠይቅ በራሱ ገንዘብ ሞገድ የሚያጎለብት መሣሪያ ኮረብታ ላይ ይተክል ጀመር። መንግሥት በ1956 እንዲህ ያሉትን ተቀብለው የሚያስተላልፉ ትንንሽ ማሰራጫዎች ፈቀደ። ግን ማስተላለፍ ብቻ ነው፤ የራስህን ወሬ ማውራት የለም። በ1982 ይሄ ተቀየረ። ትንንሾቹ ጣቢያዎች የራሳቸውን ፕሮግራም እንዲያሰራጩ ተፈቀደላቸው። በዩኤችኤፍ፣ ማለትም በላይኛው የቴሌቪዥን ሞገድ ከሆነ፣ የማሰራጫው ኃይል ከ1000 ዋት አይበልጥም ተባለ። ቤታችን ያለው የኤሌክትሪክ ምጣድ እንኳ ከዚያ በላይ ይበላል! በዚህች ኃይል ነው እንግዲህ የከተማው ምክር ቤት ስብሰባ፣ የትምህርት ቤት ኳስ፣ የእሁድ ስብከት፣ በስደተኞች ቋንቋ የሚቀርብ ዜና ወደ ሰው ቤት የገባው።

አንድ ነገር ግን ያናድደኛል። ሕጉ ትንሹን ጣቢያ ሁለተኛ ደረጃ ላይ ነው ያስቀመጠው፤ ትልቁን ከረበሸ ይዘጋል፣ ትልቁ ቢረብሸው ግን አቤት የሚልበት የለም። በ2017 የቴሌቪዥን ሞገድ ለስልክ ኩባንያዎች በጨረታ ከተሸጠ በኋላም ብዙዎቹ ቻናል ለመቀየር ተገደዋል። ወደ ዲጂታል ሲኬድ ትልልቆቹ በ2009 ጨርሰው፣ የትንንሾቹ የመጨረሻ ቀን ሐምሌ 2021 ሆነ። ለሰፈሩ በጣም የሚጠቅመው ጣቢያ ሁልጊዜ ከወረፋው ጭራ መሆኑ ልክ አይመስለኝም።

ወደኛ ልመለስ። በኛው አቆጣጠር በ2012 ኢትዮሳት፣ የአገራችን ጣቢያዎች የተሰባሰቡበት የሳተላይት ሥርጭት፣ ሲመጣ ስንቱን ዲሽ አዞርኩ፤ ሪሲቨሩ ቻናል ሲፈልግ ዝርዝሩ አያልቅም ነበር። በቱርክ ድራማ የኢስታንቡልን መንገድ ከራሳችን መንገድ በላይ አወቅነው። ውሃ በየትኛው ቀን እንደሚመጣ ግን የምንሰማው ከጎረቤት ነው። ክረምት ላይ የትኛው መንገድ በጎርፍ እንደተቆረጠ የሚነግረን የታክሲ ረዳት ነው። ሰው ሲሞት የእድር ለፋፊ ነው በየበሩ የሚዞረው። የልጆቻችንን ኳስ ማንም አይቀርጽም። በዚህ ሰፈር አማርኛና አፋን ኦሮሞ በአንድ ግቢ ይነገራል፣ አንዱ በአንዱ ይቀጥላል፤ እንደዚያ የሚያወራ ጣቢያ እስካሁን አላየሁም። የኛ ጣቢያ በሁለቱም ማውራት አለበት፣ እዚህ ላይ ድርድር የለኝም።

«ዩቲዩብ አለ አይደል?» ያለኝ ወጣት አለ። አለ። ግን ዳታ ያስከፍላል፣ ስማርት ስልክ የሌላቸው እናቶች አያገኙትም፣ ደግሞ የሰፈራችንን ቪዲዮ ከፍቶ የጀመረ ሰው አምስት ደቂቃ ሳይሞላው ሌላ አገር ነው የሚገኘው። ለመለማመጃ ይሁን፣ እሺ። እዚያ ላይ ብቻ እንቅር ከተባለ ግን አልስማማም።

ሕጉ በሩን አልዘጋብንም። አዋጅ 533/1999 የማኅበረሰብ ብሮድካስት የሚባል ዘርፍ ለይቶ አስቀመጠ፤ እሱን የተካው አዋጅ 1238/2013ም ዘርፉን ይዞታል። ፈቃድ የሚሰጠው የመገናኛ ብዙኃን ባለሥልጣን ነው። ቴክኒኩም አግዞናል። በአናሎግ ጊዜ አንድ ጣቢያ አንድ ሙሉ ቻናል ይይዝ ነበር፣ በዲጂታል ግን አንዱ ቻናል ብዙ ጣቢያ ይሸከማል። ስለዚህ የራሳችንን ማማ መትከል ላያስፈልገን ይችላል። ከዲጂታል ማሰራጫ ላይ ለማኅበረሰብ የሚሆን ትንሽ ቦታ እንዲሰጠን በጽሑፍ፣ በፊርማ፣ ደጋግመን መጠየቅ እንችላለን። እኔ መጀመሪያ የምፈርመው ነኝ።

እስከዚያ ድረስ የምናሰራጨውን እናዘጋጅ። ቁምሳጥን ላይ የተቀመጡትን የቪኤችኤስ ካሴቶች ማለቴ ነው፤ ሰርግ፣ ክርስትና፣ ኢሬቻ፣ ጥምቀት፣ ከኋላቸው ያኔ እርሻ የነበረው ሜዳ ሁሉ የሚታይባቸው። እርጥበት ሻጋታ ያበቅልባቸዋል፣ እባካችሁ አትጣሏቸው። የሻገተውን ካሴት ዴክ ውስጥ አትክተቱት፣ ዴኩንም ያበላሻል፤ እንዳለ አምጡልኝ፣ አጽድቼ ወደ ኮምፒውተር እገለብጠዋለሁ፣ ካሴቱንም እመልሳለሁ። ስታመጡ የማን ሰርግ እንደሆነና ዓመቱን ላዩ ላይ ጻፉበት። መቅረጽ መማር የምትፈልጉ ልጆች ደግሞ በሩ ጋ ደብተር አለ፣ ስማችሁን አስመዝግቡ። ሴቶች ልጆች፣ እናንተንም ነው የምላችሁ። አመሰግናለሁ።