ሰባት ሰው በዘጠኝ ነጥብ

ጤና ይስጥልኝ ወዳጆቼ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፤ ብቻዬን ነኝ። ሰሞኑን ከሐሳቤ አልወጣ ስላለ አንድ ሰው ላጫውታችሁ ነው። ሄድሊ ቬሪቲ ይባላል። እንግሊዛዊ የክሪኬት ተጫዋች ነበር።

ክሪኬት ለብዙዎቻችን እንግዳ ጨዋታ ነው። ለታሪኩ የሚበቃንን ብቻ ልንገራችሁ። አንዱ ኳስ ይወረውራል፣ ሌላው በእንጨት እየመታ ነጥብ ያስቆጥራል። ከመቺው ጀርባ ሦስት ቀጫጭን እንጨቶች ተተክለዋል። የተወረወረችው ኳስ እነሱን ካገኘች፣ ወይም መቺው የለጋት ኳስ መሬት ሳትነካ ከተቀለበች፣ መቺው ይወጣል። አሥር ሰው ሲወጣ የቡድኑ ተራ አበቃ።

ቬሪቲ በፍጥነት ከሚያስፈራሩት ወርዋሪዎች ወገን አልነበረም። ግራኝ ነው። ኳሷን በጣቶቹ ያሾራታል፤ መሬት ነክታ ስትነሳ ትታጠፋለች። አንዲት ቦታ ላይ ደጋግሞ፣ ደጋግሞ ያሳርፋታል። መቺው ትዕግሥቱ እስኪያልቅ ድረስ። እኔ የወደድኩት ይሄንን ነው።

እ.ኤ.አ. በ1932 በተወለደባት ሊድስ፣ ለአውራጃው ቡድን ለዮርክሻየር ተሰልፎ ከሌላው አውራጃ ቡድን ከኖቲንግሃምሻየር ጋር ሲጫወት 118 ኳሶች ወረወረ። የሰጠው ነጥብ 10 ብቻ ነው። አሥሩንም ሰው ያስወጣው እሱ ነው። አሥሩንም! በአንደኛ ደረጃ ክሪኬት እስከ ዛሬ ይህን ያሻሻለ የለም። በ1934 ደግሞ ለንደን ውስጥ በሎርድስ ሜዳ፣ በአንድ ቀን፣ በሁለት ተራ፣ 14 አውስትራሊያውያንን አስወጣ። ታላቁን አውስትራሊያዊ መቺ ዶናልድ ብራድማንን በአገር ለአገር ግጥሚያዎች 8 ጊዜ አስወጥቶታል።

አሁን ወደ ሴፕቴምበር 1 ቀን 1939 እንምጣ። ጀርመን ፖላንድን የወረረችበት ዕለት ነው። ዮርክሻየር በደቡብ እንግሊዝ፣ በሆቭ፣ ከሰሴክስ ጋር እየተጫወተ ነበር። ግጥሚያው ለሰሴክሱ ጂም ፓርክስ ገቢ ማሰባሰቢያ ስለሆነ ዮርክሻየሮች አላቋረጡትም። ቬሪቲ 48 ኳሶች ወረወረ። በ9 ነጥብ ሰባት ሰው አስወጣ። ሰሴክስ በ33 ነጥብ ተጠቀለለ።

ከዚያ በአውቶቡስ ወደ ሰሜን ተጓዙ። ሊድስ ሲደርሱ ተሰነባብተው ተለያዩ። ያ ቡድን ዳግም አልተሰበሰበም። እኔ በሐሳቤ ደጋግሜ የምሳፈረው እዚያ አውቶቡስ ላይ ነው። ቬሪቲ ያኔ 34 ዓመቱ ነው። እጁ ከምንጊዜውም ይልቅ ታዞለታል። ነገ ግን የሚወረውርበት ሜዳ የለም።

ነገሩ ዱብ ዕዳ አልሆነበትም። ከዓመት በፊት ጦርነት ሲሸት አንድ ኮሎኔል አማክሮ፣ የውትድርና መጻሕፍት ተቀብሎ፣ ለጨዋታ ወደ ደቡብ አፍሪካ በመርከብ ሲሄድ ያነብ ነበር። ጦርነቱ ሲመጣ በግሪን ሃዋርድስ ሬጅመንት መኮንን ሆነ።

በጁላይ 1943፣ ሲሲሊ። ሻምበል ቬሪቲ ሌሊት ወታደሮቹን ይዞ በእህል ማሳ ውስጥ ሲገሰግስ ተኩስ ወረደባቸው። እህሉ ተቀጣጠለ። እሱ ደረቱን ተመታ። ወድቆም ሰዎቹን ወደፊት እንዲቀጥሉ አዘዛቸው። ጀርመኖች ማረኩት። ቆስሎ ባሕር ተሻግሮ ወደ ዋናው የጣሊያን ምድር ተወሰደ። ካዜርታ ሆስፒታል ውስጥ ጁላይ 31 ቀን አረፈ። 38 ዓመቱ ነበር።

ባለቤቱ ካትሊን ሁለት ወንዶች ልጆች ይዛ ቀረች። ዊልፍሬድ በዮርክሻየሩ አንጋፋ በዊልፍሬድ ሮድስ፣ ዳግላስ በእንግሊዝ አምበል በዳግላስ ጃርዲን ስም ነው የተጠሩት። ሰው ልጁን በወዳጁ ስም ሲጠራ ምን ያህል እንደሚያከብረው አስቡት። መርዶው የተሰማው ሴፕቴምበር 1 ቀን 1943 ነው። ከሆቭ አራት ዓመት፣ ቀኑ ሳይዛነፍ።

በ1954 የእንግሊዝ ቡድን በመርከብ ወደ አውስትራሊያ ሲጓዝ ኔፕልስ ላይ ቆመ። አምበሉ ሌን ሃተን ነበር፤ ያን ቀን ሆቭ ላይ አብሮት የተጫወተው ሃተን። ካዜርታ ድረስ ሄደና የዮርክሻየርን ክራባት መቃብሩ ላይ አኖረለት።