48 ሰዓት ካለፈ አትጠብቁ

የተከበራችሁ የጀሞ ነዋሪዎች፣ ከፖሊስ ጣቢያ የመጣችሁ እህቶችና ወንድሞች፣ እንኳን ደህና መጣችሁ።

ልጅ ሲታሰር ቤተሰብ መጀመሪያ ምግብ ይዞ ይሮጣል። ቀጥሎ የሚያውቀውን ፖሊስ ያፈላልጋል። «ነገ ይፈታል፣ አታካብዱት» ይባላል። እናት ትጠብቃለች። ነገ ያልፍና ሌላ ነገ ይመጣል። የመጣሁት ይህን ጥበቃ እንድታሳጥሩት ልለምናችሁ ነው።

ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል። የማይቆጠረው ለመንገድ የሚያስፈልገው ተገቢ ጊዜ ብቻ ነው። ካልቀረበ አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ አለ። ሥርዓቱ በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 177 እስከ 179 ይገኛል። አቤቱታው በቃለ መሐላ ይደገፋል። ማን እንደያዘው፣ የት እንደታሰረ፣ ማን እንደሚመሰክር ይጻፋል። ታሳሪው ራሱ መማል ካልቻለ ሌላ ሰው ይምልለታል። ፍርድ ቤቱም ያሰረው አካል ሰውየውን ይዞ ቀርቦ ምክንያቱን እንዲያስረዳ ይጠራዋል። እስሩ ሕገ ወጥ ከሆነ ወዲያው ይለቀቃል።

እኛ ግን የአዲስ አበባ ዳር ነው የምንኖረው። አዲስ አበባን የከበበው የኦሮሚያው ሸገር ከተማ በ2015 ዓ.ም. ከተመሠረተ ወዲህ ትንሽ ስትራመዱ ሌላ አስተዳደር፣ ሌላ ፖሊስ ነው። አንዱ ጣቢያ «እኛ ጋ የለም፣ ማዶ ጠይቁ» ይላል። ማዶ ያሉት መልሰው ወደዚህ ይልኳችኋል። ስለዚህ ከሁሉ በፊት የያዘው የየት ፖሊስ እንደሆነ አጣሩ። የአዲስ አበባ ወይም የፌዴራል ፖሊስ ከሆነ አቤቱታው ለፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ነው። የኦሮሚያ ፖሊስ ከሆነ ወደ ኦሮሚያ ፍርድ ቤት ትሄዳላችሁ። ሲወሰድ ያየ ጎረቤት የመኪናውን ታርጋና ሰዓቱን ይጻፍላችሁ። ጣቢያው «የለም» ብሎ ሲክድ ፍርድ ቤት የምታቀርቡት ያንን ጽሑፍ ነው።

አንድ ነገር አልደብቃችሁም። መጥሪያው ሲደርስ ፖሊስ ታሳሪውን ቶሎ ብሎ ለጊዜ ቀጠሮ፣ ማለትም ለምርመራ ተጨማሪ ጊዜ ለመጠየቅ፣ ዳኛ ፊት የሚያቀርብበት ጊዜ አለ። ያኔ «ቀርቧል» ተብሎ የእናንተ ፋይል ሊዘጋ ይችላል። የከሰራችሁ አይምሰላችሁ። የት እንዳለ ታወቀ፣ ዳኛ አየው፣ ዋስትና መጠየቅ ይችላል። በወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 59 አንድ የጊዜ ቀጠሮ ከ14 ቀን አይበልጥም። በየቀጠሮው ተቃወሙ። እኔን የሚያንገበግበኝ ከሕግ ውጭ ስላለፉት ቀናት ማንም ሳይጠየቅ መቅረቱ ነው። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 423 እኮ ከሕግ ውጭ የሚያስርን የመንግሥት ሠራተኛ ይቀጣል።

«ብንከስ ልጃችንን ያጉላሉብናል» የምትሉ አላችሁ። ፍርሃታችሁ ይገባኛል። ቢሆንም ስሙ በፍርድ ቤት ፋይል ላይ የሰፈረን ሰው መደበቅ ይከብዳል።

የጣቢያ ኃላፊዎች፣ እናንተንም ልለምን። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 21 የትዳር ጓደኛ፣ የቅርብ ዘመድ፣ ሐኪምና ጠበቃ ታሳሪውን እንዲጎበኙ ይፈቅዳል። በር ላይ ለቆመች እናት ልጇ እናንተ ጋ መኖሩን ንገሯት።

የአቤቱታው ናሙና ከኋላ ጠረጴዛው ላይ አለ። ጠበቆቹ በነፃ ይሞሉላችኋል። የታሰረበት ሰው ያለ አሁኑኑ ይምጣ፣ ፍርድ ቤት ሳይዘጋ እንድረስ።