ከፊት ያሉት

ጤና ይስጥልኝ፣ አድማጮቼ። ዛሬ የማወጋችሁ «ቀደመ» ስለተባለው ግስ ነው።

ባለፈው ቅዳሜ ሐረር፣ ጀጎል ግንብ ውስጥ፣ «መኪና ግርግር» ከሚባለው የልብስ ሰፊዎች ሰፈር ወጥቼ አንዲት ጠባብ መንገድ ውስጥ ስገባ፣ ከፊቴ አንድ ባለከዘራ ሽማግሌ ያዘግሙ ነበር። ሁለት ሰው ጎን ለጎን አታሳልፍምና፣ ኖራ የተቀባውን ግንብ እየዳሰሰ የሚሄደውን ግራ እጃቸውን እያየሁ ተከተልኋቸው።

ቅድመ አያት የምንለው አያታችንን የቀደመውን ነው። ቅዳሜም ብትሆን እሑድን የምትቀድም «ቀዳሚት ሰንበት» ናት፤ በ1884 ዓ.ም. እዚሁ ሐረርጌ፣ እጀርሳ ጎሮ የተወለዱት ተፈሪ መኰንን ሲነግሡ የተጨመረላቸው «ቀዳማዊ»ም የዚሁ ግስ ልጅ ነው። እኔን የሚገርመኝ ግን አቅጣጫው ነው። ስላለፈው ስናወራ «በፊት» እንላለን፤ ፊት ደግሞ ዓይናችን ያለበት ነው። ገና ያልመጣውን «በኋላ» ስንለው ከጀርባችን፣ ከማናይበት እናስቀምጠዋለን። እንግዲያው የሞቱት አያቶቻችን በቋንቋችን ከፊት የሚሄዱ ሰዎች ናቸው። «ወደፊትስ?» ብላችሁ ብትሞግቱኝ፣ እኔም ራሴን ሞግቼበታለሁ፤ መልሴ፣ ወደፊት የምንሄደው እነሱ ቀድመው ወደሄዱበት ነው የሚል ነው። የሰዋስው ምሁር ላይቀበለኝ ይችላል።

በከተማችን የሐረሪ ቋንቋ አባት «አው» ይባላል፤ የሐረሩ ቅዱስ የአው አባድር ስም የሚጀምረውም በዚሁ ቃል ነው። በየመንደሩ ያሉት የቅዱሳን መቃብሮች ደግሞ «አዋች»፣ ማለትም አባቶች፣ ይባላሉ። እኛም በግዕዙ ብዙ ቁጥር «አበው» እንላለን። አበው እንበል እንጂ፣ እኔን ሰባት ቤት ያስቆጠረችኝ ሴት አያቴ ናት። ቡና እየቆላች ታስቆጥረኝ ነበር፤ አባት፣ አያት፣ ቅድመ አያት፣ ምንጅላት ስንል ቆይተን፣ ከምንጅላት ወዲያ ስሙ ሲጠፋት ቡናው እንዳያር ብላ ምጣዱን ታወርድና «ቆይ፣ ይመጣልኛል» ትለኝ ነበር።

ሽማግሌው ኮቴዬን ሰምተው ኖሮ፣ አንድ የቤት ደጃፍ ላይ ጠጋ ብለው ቆሙልኝና «ቅደም፣ ልጄ» አሉኝ።

«ኧረ እርስዎ ይቅደሙ፣ አባቴ» አልኋቸው፤ አልቸኮልሁም ነበር።