ፓስፖርቱ ከተመለሰ በኋላ ክሱ ምን ይሆናል?

ከሲልቨር ስፕሪንግ የደወሉ አድማጭ፦ የታክስ ዕዳ አለብህ ተብዬ ፓስፖርት ማሳደስ ተከለከልኩና ከሰስኩ። አሁን አይአርኤስ (የአሜሪካ ግብር ሰብሳቢ መሥሪያ ቤት) እገዳውን አንስቶ መዝገቡ ይዘጋ እያለ ነው። እኔ የምፈልገው ዳኛው ጥፋቱ የእነሱ መሆኑን እንዲናገርልኝ ነው።

መልስ፦ ቁጭትዎ ይገባኛል፤ መዝገቡ ግን መዘጋቱ አይቀርም ባይ ነኝ። የአሜሪካ ፌዴራል ፍርድ ቤቶች የሚዳኙት ገና ያልሞተ ክርክር ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. በ2015 የወጣው ይህን እገዳ የሚመለከት ሕግ ደግሞ የዳኛውን እጅ ይበልጥ ያጠበዋል። ዕዳው ከተወሰነ መጠን ሲያልፍ (ሕጉ ሲወጣ 50,000 ዶላር ነበር፤ ከዋጋ ንረት ጋር በየዓመቱ ከፍ ይላል) አይአርኤስ ስምዎን ፓስፖርት ለሚሰጠው ለስቴት ዲፓርትመንት ያስተላልፋል። ስህተት ከሆነ ዳኛው የሚያዘው ይኸው ለስቴት ዲፓርትመንት እንዲነገር ነው፤ ካሳ አይቆርጥም። ያ አስቀድሞ ከተነገረ ለዳኛው ምን ቀረለት? በ2020 የታክስ ፍርድ ቤት በአንዲት ሴት መዝገብ ላይ የወሰነው ይህንኑ ነው፤ በ2022 ኒው ዮርክ ያለው የፌዴራል ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤትም የፓስፖርቱ ክርክር አብቅቷል ብሏል። ዕዳው ራሱ የለብኝም የሚሉ ከሆነ ግን ያ በሌላ መንገድ የሚሄድ ሙግት ነው፤ ቀነ ገደቡ ሳያልፍ አሁኑኑ ይጀምሩት።

ከሚኒያፖሊስ የደወሉ አድማጭ፦ ወንድሜ ውጭ አገር ሳለ ፓስፖርቱን ወሰዱበት። ሲከስ ምክንያቱን ሳይነግሩት መለሱለት። ነገ ደግመው ቢወስዱበትስ?

መልስ፦ እህቴ፣ ይሄ ከመጀመሪያው በጣም ይለያል። ተከሳሽ ክስ ሲመጣበት ድርጊቱን ስላቆመ ብቻ ከፍርድ አያመልጥም፤ ዳግም እንደማይፈጽመው የማሳየቱ ሸክም በራሱ ላይ ነው፣ ሸክሙም ከባድ ነው። በማርች 2024 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በፍቅሬ መዝገብ ላይ በሙሉ ድምፅ ያለው ይህንን ነው። ዮናስ ፍቅሬ አሜሪካዊ ዜጋ ነው፤ አውሮፕላን እንዳይሳፈሩ በተከለከሉ ሰዎች ዝርዝር ውስጥ ገብቶ ከሰሰ፣ ክርክሩ ሳያልቅ በ2016 ስሙ ተፋቀ። መንግሥት «አሁን በእጃችን ባለው መረጃ መልሰን አናስገባውም» ሲል ማለ። ዳኞቹ አልበቃቸውም፤ ያው ሰው ነገ ያንኑ ነገር ቢያደርግ እንደገና አይታገድም የሚል ቃል የለበትምና። ውሳኔው ስለ በረራ ቢሆንም መርሁ ፓስፖርትንም ይመለከታል። ስለዚህ ጠበቃው መዝገቡ ይዘጋ የሚለውን ጥያቄ ዝም ብሎ እንዳይቀበል። ወንድምዎ ፓስፖርቱ የተወሰደበትን ምክንያት አለማወቁን፣ ሥራው ወይም ቤተሰቡ እዚያው አገር መልሶ የሚያስኬደው መሆኑን በመሐላ ጽፎ ያቅርብ። እንዲህ ያለውን ማስረጃ ሳያያይዙ «እፈራለሁ» ብቻ ብለው የሚመጡ ሰዎች ያሳዝኑኛል፤ ዳኛ በፍርሃት ብቻ መዝገብ ክፍት አያቆይም።

በጽሑፍ የደረሰን፦ ፓስፖርቴ ተመለሰ፤ የጠበቃ ወጪዬን መንግሥት ይከፍለኛል?

መልስ፦ ፍርድ ሳይሰጥ በራሳቸው ፈቃድ ከመለሱልዎ አብዛኛውን ጊዜ አይከፍልም። ከ2001 የጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔ ወዲህ ወጪ የሚጠይቅ ሰው የዳኛ ፍርድ ወይም ዳኛ ያጸደቀው ስምምነት በእጁ ሊኖረው ይገባል። እጅግ የሚያስቆጭ ሕግ ነው፤ ለፍተው ያሸነፉ ሰዎች ሂሳቡን ራሳቸው ይከፍላሉ። ፓስፖርቱን እንመልስ የሚል ድርድር ሲመጣ ጠበቃዎ ወጪውንም አብሮ በጽሑፍ ያስገባ።