ግማሹን ኖታ መተው፦ የማኅበሩ ሰብሳቢ ዓመታዊ ጉባኤውን ሲከፍቱ ያደረጉት ንግግር

ክቡራትና ክቡራን የማኅበራችን አባላት፣ ከሩቅም ከቅርብም የመጣችሁ ሙዚቀኞችና የድምፅ ባለሙያዎች፣ እንኳን ለዓመታዊ ጉባኤያችን በሰላም አደረሳችሁ።

ዘንድሮ ሙሉ ቀኑን ለአንድ አልበም ሰጥተነዋል። ሬድ ሆት ቺሊ ፔፐርስ የተባለው የሎስ አንጀለስ የፈንክ ሮክ ባንድ እ.ኤ.አ. በ1991 ያወጣውን «ብለድ ሹገር ሴክስ ማጂክ» ከጫፍ እስከ ጫፍ እናደምጠዋለን፤ እየፈታንም እንመለከተዋለን። ይህን የመረጥንበት ምክንያት አለን። ለሚክሲንግ፣ ማለትም የተቀዱትን ድምፆች ለማመጣጠን፣ ወደ እጃችን ከሚገቡት ሥራዎች የብዙዎቹ ሕመም ተመሳሳይ ነው፤ ሁሉም መሣሪያ ከመጀመሪያው ሰከንድ እስከ መጨረሻው ይጫወታል። ኪቦርዱ ባሱን ይሸፍናል፣ ጊታሩ ዘፋኙን ይሻማል፣ ድራመሩ ባገኘው ክፍተት ሁሉ ይገባል። ሲበዛ ማርም ይመርራል። ይህ አልበም የተሠራው በተቃራኒው፣ በመተው ነው።

የሎስ አንጀለሱ ፌርፋክስ ጎዳና ሲባል የብዙዎቻችን ሐሳብ የሚሮጠው ወደ ሊትል ኢትዮጵያ ነው። በዚያው ጎዳና ወደ ሰሜን ሲወጡ፣ ከሜልሮዝ ጋር በሚገናኝበት ጥግ ፌርፋክስ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ይገኛል። ዘፋኙ አንቶኒ ኪዲስ፣ ባሲስቱ ፍሊ፣ ጊታሪስቱ ሂሌል ስሎቫክና ድራመሩ ጃክ አይረንስ የተዋወቁት እዚያ ነው። ባንዱ በ1983 ተመሠረተ። በ1988 ስሎቫክ በሄሮይን ሲሞት አይረንስ ኀዘኑን አልቻለውም፤ ባንዱን ለቀቀ። በቦታቸው የ18 ዓመቱ ጆን ፍሩሻንቴና ቻድ ስሚዝ ገቡ።

አራቱ አብረው የሠሩት የመጀመሪያ አልበም «ማዘርስ ሚልክ» በ1989 ወጣ። ፕሮዲዩሰሩ ማይክል ባይንሆርን የጊታሩ ድምፅ እንደ ሄቪ ሜታል እንዲወፍር ፈለገ፤ ጊታር በጊታር ላይ ተደረበ። ፍሩሻንቴ አልወደደውም፤ በዚህም ተጋጭተዋል። በእኔ እምነት አልበሙ ጉልበት አለው፤ ውድቀትም አልነበረም። ዳሩ ግን መደራረብ የሚያስከትለውን ነገር ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። የባስ ጊታር የታችኛው ክር 41 ኸርዝ አካባቢ ይጀምራል፤ የጊታር ደግሞ 82። የባሱን ኖታ ጆሯችን ለይቶ የሚያውቀው ግን በመነሻው ብቻ አይደለም፤ ከላይ ባሉት በ82፣ በ123፣ በ164 ኸርዝ ሃርሞኒኮች፣ ማለትም አብረውት በሚሰሙ ቀጫጭን ድምፆች፣ ጭምር ነው። ዲስቶርሽን (ሆን ተብሎ የሻከረ ድምፅ) የበዛበት ጊታር ሦስት አራት ጊዜ ሲደረብ የሚቀመጠው እዚያው ላይ ነው። ባሱ ይጠፋል፤ ኢንጂነሩ ከፍ ያደርገዋል። አሁን ኪኩ፣ በእግር የሚመታው ትልቁ ድራም፣ ይጠፋል፤ እሱንም ከፍ ያደርገዋል። በመጨረሻ ሁሉም ይጮኻል፣ አንዱም አይለይም። ይህን ኢኳላይዘር (የወፍራምና የቀጭን ድምፅ ማስተካከያ) አያድነውም። በሽታው ያለው አሬንጅመንቱ፣ የመሣሪያዎቹ ድልድል፣ ላይ ነው።

ባንዱ ከኢ.ኤም.አይ የሙዚቃ ኩባንያ ወጥቶ ወደ ዋርነር ብራዘርስ ሲዛወር ፕሮዲዩሰሩ ሪክ ሩቢን ሆነ። ወደ ቀረጻ ከመግባታቸው በፊት ወራት የፈጀ ልምምድ አደረጉ፤ ዘፈኖቹ ቅርጻቸውን የያዙት በዚያ ጊዜ ነው። ፍሊም ከዚህ በፊት አብዝቶ ይጫወት እንደነበር አምኖ ኖታውን በግማሽ ለመቀነስ ወሰነ። በስላፕ፣ ክሩን በአውራ ጣት እየመቱ በመጫወት፣ ስሙን ላስጠራ ባሲስት ይህ ቀላል ውሳኔ አልነበረም። አልበሙ ላይ ስላፕ አልጠፋም፤ የሚመጣው ግን ሲያስፈልግ ነው፤ ስለዚህም ሲመጣ ይመታል። ፍሩሻንቴም እንዲሁ። ብዙ ቦታ ላይ የምትሰሙት አንድ ጊታር ነው፤ አንዳንዴም ቀጭን። እሱ ዝም ሲል ባሱ ይናገራል፣ ባሱ ሲያርፍ ስኔር ድራሙ ይሰማል።

ቀረጻው የተካሄደው በ1991 በሎረል ካንየን በሚገኝ ትልቅ አሮጌ ቤት ውስጥ ነው። ሦስቱ እዚያው ሰነበቱ፤ ከአንድ ወር በላይ። ቻድ ስሚዝ ግን እዚያ ማደር አልፈለገም፤ በየቀኑ በሞተር ሳይክል እየተመላለሰ ይጫወት ነበር። ኢንጂነሩ፣ ኋላም ሚክሲንጉን የሠራው፣ ብሬንዳን ኦብራየን ነበር። ኪዲስ አብዛኛውን የዘፈነው በራሱ መኝታ ክፍል ውስጥ ነው።

ቤት ውስጥ መቅዳት የምትፈልጉ ብዙዎች ስላላችሁ እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ። አብሮ የተቀዳ ሙዚቃ ሕይወት አለው፤ ዋጋም ያስከፍላል። ባሲስቱ ሲሳሳት ስሕተቱ በድራሙ ማይኮች ውስጥም ይገባል፤ ነቅሎ ማውጣት አይቻልም። ስለዚህ ተጫዋቾቹን ከድራመሩ ጋር ዓይን ለዓይን አቀምጡ፣ ስፒከሮቹን ግን ሌላ ክፍል አስገቡ። ይህን ስታደርጉ የጊታሩን ገመድ አታርዝሙ፤ ከ6 ሜትር ሲያልፍ ላይኛው ድምፅ መደብዘዝ ይጀምራል። የአምፑን (የማጉያውን) ራስ ከጊታሪስቱ አጠገብ ትታችሁ የስፒከሩን ገመድ ዘርጉት። የሚዘረጋው ግን የስፒከር ገመድ መሆን አለበት። ቀጭኑ የጊታር ገመድ ያን ኃይል አይችልም፤ ይግላል፣ አምፑንም ሊያቃጥል ይችላል። እንደ ስትራቶካስተር ባለ ጊታር ነጠላ ጥቅል ፒክአፕ (የክር ድምፅ ተቀባይ) ላይ የኤሌክትሪክ እምምታ ከተሰማ፣ ኢትዮጵያ ውስጥ በ50ና በ100 ኸርዝ፣ አሜሪካ ውስጥ በ60ና በ120፣ መጀመሪያ የክፍሉን የመብራት ማደብዘዣ አጥፉ፤ ከዚያ ጊታሪስቱ እምምታው እስኪቀንስ ድረስ ቦታው ላይ ይዙር።

ባስን በዲ.አይ ቦክስ፣ ማለትም ድምፁን በገመድ በቀጥታ በሚያስገባ ሳጥን፣ እና በማይክ አንድ ላይ መቅዳት የተለመደ ነው። የሚረሳው የጊዜ ልዩነቱ ነው። ማይኩ ከስፒከሩ 30 ሴንቲሜትር ቢርቅ ድምፁ ወደ 0.9 ሚሊሰከንድ ዘግይቶ ይደርሳል። ሁለቱ ሲደመሩ 570 ኸርዝ አካባቢ ጉድጓድ ይፈጠራል፤ የባሱ «ንክሻ» ያለበት ቦታ ማለት ነው። ባሲስቱ ጣቱ የደከመ ይመስላል፤ ጥፋቱ ግን የእኛ ነው። የማይኩን ትራክ ቀደም እንዲል ስባችሁ ከዲ.አይው ጋር አስተካክሉት፤ ወይም ማይኩን ስፒከሩ ላይ አስጠጉት።

ወደ ዘፈኖቹ ልግባ። «ጊቭ ኢት አዌይ» ላይ ያለው የጊታር ሶሎ የተገለበጠ ነው። በቴፕ ዘመን ይህ የሚሠራው ሪሉ ተገልብጦ፣ ሙዚቃው ወደ ኋላ እየሄደ ሶሎው ሲቀዳበት ነው፤ ቴፑ ሲቃና የክሩ ምት መጨረሻ ላይ ይመጣል። አደጋው የትራክ ቁጥሩ አብሮ መገልበጡ ነው። ባለ 24 ትራክ ቴፕ ላይ 5ኛው ትራክ 20ኛ ይሆናል። ይህን የዘነጋ ኢንጂነር የዘፋኙን ድምፅ ደምስሶ ሊቀዳበት ይችላል።

«ብሬኪንግ ዘ ገርል» በ6/8 የሚሄድ ነው፤ በችክችካ ላደገ ጆሮ ምቱ እንግዳ አይሆንም፣ አካሄዱ ግን ሌላ ነው። መካከሉ ላይ የሚሰማው ኳኳታ ከቁርጥራጭ ብረት ሰብስበው የመቱት ነው፤ ከሥሩ ሜሎትሮን የተባለ በቴፕ የሚሠራ ኪቦርድ አለ። እዚህ አልበም ላይ ድምፅ መደራረብ ክልክል አልነበረም። የተደረበው ግን ቦታው ባዶ ስለነበረ ይታያል።

«አንደር ዘ ብሪጅ»ን ሩቢን ያገኘው በኪዲስ ማስታወሻ ደብተር ላይ፣ እንደ ግጥም ነው። ኪዲስ ለባንዱ የማይሆን፣ በጣም የለዘበ መስሎት ነበር። ዘፈኑ በጊታር ብቻ ይጀምራል፤ ባሱና ድራሙ ቀስ በቀስ ይገባሉ፤ መጨረሻው ላይ የሚሰማው ኅብረ ዝማሬ የፍሩሻንቴ እናትና ጓደኞቻቸው ናቸው። ሲከፈት ጊታሩ ከዲ ሜጀር ወደ ኤፍ ሻርፕ ይመላለሳል፤ የዘፋኙ ድምፅ ሲገባ ቅኝቱ ኢ ሜጀር ይሆናል። ይህን ሽግግር ተማሪ ጊታሪስቶች ደጋግመው ቢያጠኑት ይጠቀማሉ።

ቅሬታዬንም ልናገር። አልበሙ 17 ዘፈኖች ይዞ ወደ 74 ደቂቃ ይደርሳል፤ የዚያ ዘመን ሲዲ የሚችለውን ያህል ነው። ሁለት ሦስቱ ቢቀሩ አይጎድልም ነበር። አንዳንዶቹ ግጥሞች ስለ ሴት የሚናገሩበት መንገድም ሻካራ ነው፤ ልጆች ባሉበት የሚከፈት አይደለም። የመጨረሻውን፣ የሮበርት ጆንሰንን ጥንታዊ ዘፈን፣ ከሌሊቱ 8 ሰዓት ከቤቱ ውጭ ኮረብታ ላይ ቀዱት። እሱን ማንም አይንካብኝ።

አልበሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 24 ቀን 1991 ነው፤ የኒርቫና «ኔቨርማይንድ» በወጣበት ዕለት። ዋርነር «ጊቭ ኢት አዌይ»ን አስቀድሞ እንዲያጫውትለት የፈለገው የቴክሳስ ጣቢያ ዜማ የለውም ብሎ መለሰው። ዘፈኑ በአማራጭ ሮክ ሰንጠረዥ አንደኛ ወጣ፤ በ1993 ግራሚ አገኘ። «አንደር ዘ ብሪጅ» ነጠላ ዘፈን ሆኖ እንዲወጣ ያደረገውም ሕዝቡ ነው። የኩባንያው ሰዎች በተገኙበት ኮንሰርት ኪዲስ መግቢያው አመለጠው፤ ታዳሚው በእሱ ፋንታ ዘፈነው። በ1992 በአሜሪካው የቢልቦርድ ሆት 100 ሰንጠረዥ ሁለተኛ ደረሰ፤ አልበሙም ሦስተኛ። አሜሪካ ውስጥ ብቻ የ7 ሚሊዮን ቅጂ ፕላቲነም ተመዝግቦለታል።

ፍሩሻንቴ ይህን ሁሉ ዝና አልፈለገውም። በሜይ 1992 ጃፓን ውስጥ፣ ጉዞው ገና ሳያልቅ፣ ባንዱን ጥሎ ሄደ፤ የተመለሰው በ1998 ነው። እያንዳንዱ ለሌላው ቦታ ሲለቅ የተሠራ ሙዚቃ፣ አንዱ ሲጎድል ክፍተቱ ምን ያህል እንደሚሰማ ማወቅ የፈለገ ሰው ቀጥሎ የመጣውን የ1995ቱን አልበም ከዚህኛው ጋር አያይዞ ያድምጥ።

አሁን ወደ ማድመጡ። የምንከፍተው የ1991ዱን ሲዲ ነው፤ በመጀመሪያው ዙር ባሱን ብቻ ተከተሉ፣ ፍሊ የማይጫወትባቸውን ምቶች ወረቀት ላይ ምልክት አድርጉባቸው። ሁለተኛውን ዙር ከጊታሩ ጋር እንሄዳለን። ስልኮቻችሁን አጥፉልኝ፤ ጉባኤው ተከፍቷል።